መደብሩ ሲዘጋ የገዛናቸው ጌሞች ምን ይሆናሉ?

በዚህ እትም ከደሴና ከኮምቦልቻ የደረሱንን ሦስት ደብዳቤዎች አንድ ላይ አቅርበናል። ሦስቱም የሚጠይቁት የቆዩ የጌም ማሽኖች የዲጂታል መደብራቸው ከተዘጋ ወይም መዘጋቱ ከተወራ በኋላ ጌሞቹን እንዴት መጫወት እንደሚቻል ነው። ደብዳቤዎቹን ቦታ ለመቆጠብ አሳጥረናቸዋል፤ የቀን አቆጣጠሩ ደግሞ ሌላ ካልተጠቀሰ በቀር የአውሮፓውያን ነው።

ጥያቄ፦ ታላቅ ወንድሜ ጅዳ ሲኖር ይጫወትበት የነበረውን ፕሌይስቴሽን 3 ከነጆይስቲኮቹ አምጥቶልን እኔና ታናናሾቼ እስከ ዛሬ እንጫወትበታለን። በውስጡ ወንድሜ በራሱ አካውንት የገዛቸው፣ ሲዲ የሌላቸው ብዙ ጌሞች አሉ። ሰሞኑን ሃርድ ዲስኩ የመንቋቋት ድምፅ ያሰማ ጀመር። አንድ የሰፈራችን ልጅ «መደብሩ ስለተዘጋ ሃርድ ዲስኩ ከሞተ ጌሞቹም አብረው ሞቱ» አለኝ። እውነት ነውን? ምንስ ባደርግ ይሻላል?
*ከደሴ፣ ሆጤ*

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ ልጁ የሰማው ወሬ መነሻ አለው፤ ፍጻሜው ግን እንደተወራው አልሆነም። የፕሌይስቴሽን ሠሪ ሶኒ በማርች 2021 የፕሌይስቴሽን 3ን እንዲሁም ፒኤስፒና ቪታ የተባሉትን በእጅ የሚያዙ ማሽኖቹን መደብሮች በዚያው ዓመት እንደሚዘጋ አስታውቆ ነበር። የተጫዋቾች ቅሬታ ስለበረታበት ግን ኤፕሪል 19 ቀን ሐሳቡን ለውጦ የፕሌይስቴሽን 3ንና የቪታን መዝጊያ ሰረዘ፤ የተቋረጠው ከጁላይ 2 ቀን 2021 ጀምሮ በፒኤስፒው ላይ ይደረግ የነበረው ግዢ ብቻ ነው። በዚያው ዓመት ኦክቶበር ላይ ደግሞ ከፕሌይስቴሽን 3 ሆኖ በክሬዲት ካርድ በቀጥታ መክፈል ቀርቶ፣ ገንዘቡን አስቀድሞ በሌላ መንገድ ወደ አካውንቱ ማስገባት ግድ ሆነ።

ከሁሉ በፊት ሊታወቅ የሚገባው ነገር፣ መደብር ሲዘጋ መግዛትና የተገዛውን መልሶ ማውረድ በአንድ ቀን የማይቋረጡ መሆናቸው ነው። ሌላው የጌም ማሽን ሠሪ ኒንቴንዶ ዊ የተባለውን ማሽኑን መደብር ጃንዋሪ 30 ቀን 2019፣ የ3ዲኤስንና የዊ ዩን መደብር ደግሞ ማርች 27 ቀን 2023 ለግዢ ሲዘጋ፣ ቀድሞ የገዛ ሰው ጌሙን መልሶ እንዲያወርድ በሩን ክፍት ትቶለታል። ማውረዱ ራሱ ለሚቋረጥበት ጊዜ ግን ቀን አይቆረጥለትም፤ የሚያሰጋኝም ይኸው ነው። በ2022 የዊ መደብር ያለ ማስጠንቀቂያ ተቋርጦ ለወራት ከቆየ በኋላ ነው የተመለሰው፤ በእነዚያ ወራት ማሽኑ የተበላሸበት ሰው በገንዘቡ የገዛውን ጌም የሚያወርድበት መንገድ አልነበረውም። ስለዚህ «እስካሁን ይሠራል» የሚለውን ቃል እንደ ዋስትና አይውሰዱት፤ የማውረጃው በር ክፍት እያለ ሥራዎን ይጨርሱ።

አሁን ወደ ማሽንዎ እንምጣ። የሚንቋቋ ሃርድ ዲስክ ከመሞቱ በፊት የሚሰጠው ጊዜ አጭር ሊሆን ስለሚችል፣ በቅድሚያ የሚያድኑት ጌሙን ሳይሆን የተጫወታችሁበትን ሴቭ፣ ማለትም የደረሳችሁበትን ደረጃ የያዘውን ፋይል ነው። ጌሙ ተመልሶ ሊወርድ ይችላል፤ ታናናሾችዎ ለዓመታት የደረሱበት ደረጃ ግን ከዚያ ዲስክ በቀር ሌላ ቦታ ላይኖር ይችላል። ሴቮቹ መጠናቸው ትንሽ ስለሆነ ፋት32 በሚባለው የፋይል አደራደር ፎርማት በተደረገ ተራ ፍላሽ ላይ አንድ በአንድ መገልበጥ ይቻላል። አንዳንዶቹ እንዳይገለበጡ ተደርገው የተሠሩ በመሆናቸው እምቢ ይላሉ፤ እነዚህን ለማትረፍ የማሽኑን የራሱን የባክአፕ አገልግሎት በመጠቀም ጠቅላላውን ወደ ውጫዊ ሃርድ ዲስክ መገልበጥ ያስፈልጋል፤ እንዲህ የተገለበጡትም የሚመለሱት እዚያው ማሽን ላይ ብቻ ነው።

ቀጥሎ አዲስ ዲስክ ይግዙ። ፕሌይስቴሽን 3 የሚጠቀመው የላፕቶፕ ዓይነት፣ ባለ 2.5 ኢንች የሳታ ሃርድ ዲስክ ነው፤ ሶኒ ማሽኑን የሠራው ባለቤቱ ራሱ ዲስኩን ሊቀይር በሚችልበት ሁኔታ ስለሆነ፣ ፒያሳ ላይ ላፕቶፕ የሚጠግን ማንኛውም ባለሙያ በቀላሉ ይሠራልዎታል። ዲስኩን ወደ ጓደኛ ማሽን ወስዶ ለማንበብ ግን አይሞክሩ። እያንዳንዱ ማሽን በዲስኩ ላይ ያለውን ሁሉ በራሱ ቁልፍ ቆልፎ ስለሚጽፍ፣ ሌላው ማሽን ዲስኩ ፎርማት ካልተደረገ በቀር አይቀበለውም፤ በስህተት ፎርማት ካደረገው ደግሞ የቀረው ሁሉ ይጠፋል።

ከዚያ የሚቀረው ማውረድ ነው። ወንድምዎ በአካውንቱ ሲገባ እስከ ዛሬ የገዛቸውን ሁሉ በማውረጃ ዝርዝሩ ውስጥ ያገኛቸዋል። እዚህ ላይ አንድ ነገር አደራ እላለሁ፦ የወንድምዎን ተጠቃሚ ስም ከማሽኑ ላይ ፈጽሞ እንዳታጠፉ። አካውንቱ በዚያ ማሽን ላይ እንደነቃ (ማሽኑ የተገዙትን ጌሞች እንዲያጫውት እንደተፈቀደለት) እስካለ ድረስ እርስዎና ታናናሾችዎ በየራሳችሁ ስም ገብታችሁ መጫወት ትችላላችሁ፤ ስሙ ሲጠፋ ግን ፈቃዱም አብሮት ይሄዳል። አንድ አካውንት ሊነቃ የሚችለው በሁለት ፕሌይስቴሽን 3 ማሽኖች ላይ ብቻ ስለሆነ፣ ወንድምዎ ጅዳ ሳለ በሌላ ማሽን ላይ አንቅቶት እንደሆነም ይጠይቁት። ኢትዮጵያ የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ በይፋ ከሚሠራባቸው አገሮች መካከል ስላልሆነችና የአካውንት አገር አንዴ ከተመዘገበ በኋላ ስለማይቀየር፣ የወንድምዎ አካውንት ጅዳ ሳለ በሳዑዲ የተመዘገበ ከሆነ አዲስ ጌም ለመግዛት የሚያስፈልጋችሁ የሳዑዲ ዓረቢያ የክፍያ ካርድ ነው፤ በአሜሪካ አካውንት የሚሠራው ካርድ አያገለግላችሁም።

ኢንተርኔቱን በተመለከተ፣ ማሽኑ የሚያውቀው ባለ 2.4 ጊጋኸርዝ ዋይፋይ ብቻ ነውና በስልክዎ ሆትስፖት የሚጠቀሙ ከሆነ ስልኩን በዚያ ላይ ያስተካክሉት፤ አለበለዚያ ማሽኑ ሆትስፖቱን አያየውም። አንዳንዱ ጌም ብዙ ጊጋባይት ስለሚሆን በሌሊት ጥቅል ማውረዱ ለኪስ ይቀላል። ደሴ ላይ መብራት በድንገት መጥፋቱ ግን ዋነኛው የዲስክ ጠላት ነው፤ በመጻፍ ላይ ያለ ዲስክ ኃይል ሲቋረጥበት ፋይሉ ይበላሻል። አቅም ከፈቀደ ማሽኑን በዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ ለጥቂት ጊዜ ኃይል በሚሰጥ ባለ ባትሪ መሣሪያ) በኩል ይሰኩት፤ ካልሆነም መብራት የሚመላለስበትን ሰዓት ለይታችሁ በዚያ ሰዓት አታውርዱ። ለጥገና ሲከፈትም ውስጡ ያለችውን ሲአር2032 የምትባል ክብ ባትሪ አብረው ያስቀይሩ። እርሷ ስታልቅ የማሽኑ ቀንና ሰዓት ይጠፋል፤ ያለ ሲዲ የመጡ ጌሞች ፈቃድ ደግሞ በትክክለኛ ሰዓት ላይ ስለሚመረኮዝ፣ ኔትወርኩ እያለ የምትቀየር ባትሪ ኔትወርኩ ከጠፋ በኋላ ከምትቀየረው እጅግ ትሻላለች። ሲዲ ያላቸውንም ጌሞች አንድ በአንድ እያስገባችሁ አፕዴታቸውን አውርዱ፤ እርሱም የሚመጣው ከዚያው ሰርቨር ነው።

ጥያቄ፦ ኮምቦልቻ ውስጥ ትንሽ የጌም ቤት አለኝ። ከዱባይ የመጣ ያገለገለ ኤክስቦክስ 360 «ውስጡ ጌም ሞልቷል» ተብሎ ተሸጠልኝ። አንዳንዶቹ ጌሞች ግን ሲከፈቱ የሙከራ ስሪት ነው የሚሉት፤ ከመጀመሪያው ደረጃ አያሳልፉም። መደብሩ ስለተዘጋ ልገዛቸውም አልቻልኩም። መፍትሔ ይኖረው ይሆን?
*ከኮምቦልቻ*

መልስ፦ የኤክስቦክስ 360 መደብር ጁላይ 29 ቀን 2024፣ በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ለግዢ ተዘግቷል፤ ቀድሞ የተገዛውን መልሶ ማውረድ ግን ይፈቀዳል። የእርስዎ ችግር የመጣው ከመደብሩ መዘጋት ሳይሆን ከፈቃዱ አሠራር ነው። በዚህ ማሽን አንድ ጌም ሲገዛ ፈቃዱ በሁለት ቦታ ይመዘገባል፤ በገዢው ፕሮፋይልና በመጀመሪያ በወረደበት ማሽን። ሁለቱም ከሌሉ ጌሙ ወደ ሙከራ ስሪትነት ይመለሳል። እንደሚመስለኝ ሃርድ ዲስኩ ከሌላ ማሽን ተነቅሎ የገባ ነው፤ ወይም ማሽኑ የገዢው ሁለተኛ ማሽን ነበር። ሻጩ ማሽኑን ሊሸጥልዎ ይችል ነበር፤ ጌሞቹን ግን ሊሸጥ አይችልም፤ የቀበሌ ቤት ተከራይ ቤቱን ሊኖርበት እንጂ ሊሸጠው እንደማይችል ሁሉ ማለት ነው። በካሊፎርኒያ ከጃንዋሪ 1 ቀን 2025 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው ሕግ የዲጂታል መደብሮች ገዢው የሚያገኘው የመጠቀም ፈቃድ ብቻ መሆኑን በግልጽ እንዲነግሩት ያስገድዳል። ይህ ማስታወቂያ ከሃያ ዓመት በፊት ቢጀመር ኖሮ ብዙ ሰው ገንዘቡን በሌላ መንገድ ያወጣ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ለጌም ቤት የሚያዋጣው ሲዲ ነው። ሲገዙ ግን የሲዲውን ክልል ይመልከቱ፤ ከዱባይ የመጣ ማሽን በአብዛኛው ፓል ለሚባለው ከአሜሪካ የተለየ ክልል የተሠራ ስለሆነ ለአሜሪካ የተዘጋጁ አንዳንድ ሲዲዎች አይከፈቱለትም። ወደፊት አቅም ሲፈቅድ፣ ሲዲ የሚቀበሉት ኤክስቦክስ ዋን ወይም ሲሪስ ኤክስ ከ600 በላይ የሚሆኑ የ360ንና የመጀመሪያውን ኤክስቦክስ ጌሞች ያጫውታሉ። የድሮው ሲዲ ሲገባ ማሽኑ ለእርሱ የተስተካከለውን ስሪት በነጻ ያወርዳል፤ ከእነዚሁ ጌሞች ብዙዎቹ በአዲሱ መደብር እስካሁን ይሸጣሉ። ሲሪስ ኤስ የሚባለው ግን ሲዲ ማስገቢያ ስለሌለው ለዚህ አይሆንም።

ጥያቄ፦ የወሎ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነኝ። የአጎቴ ፒኤስፒና ጥቂት ሲዲዎቹ እጄ ላይ አሉ። ጓደኞቼ ግን ሁሉም በስልካቸው በኢሙሌተር ነው የሚጫወቱት፤ ጌሞቹንም ስልክ ቤት ያስጭናሉ። ኢሙሌተር ሕገ ወጥ ነው የሚሉም አሉ። የእናንተ አስተያየት ምንድን ነው?
*ከደሴ*

መልስ፦ ሁለት ነገሮችን ለይተን እንይ። ኢሙሌተሩ፣ ማለትም የድሮውን ማሽን ሥራ በስልክ ወይም በኮምፒውተር ላይ የሚያከናውነው ፕሮግራም፣ በራሱ ሕገ ወጥ አይደለም። ሶኒ የፕሌይስቴሽን ኢሙሌተር የሠራውን ኮኔክቲክስ የተባለ ኩባንያ ከስሶ፣ የአሜሪካ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ2000 ለኮኔክቲክስ ፈርዷል። ጥያቄ የሚነሳው ጌሙ ከየት መጣ በሚለው ላይ ነው። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የኮምፒውተር ፕሮግራም ቅጂ በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው፣ ቅጂው ቢጠፋ ወይም ቢበላሽ የሚተካበት አንድ መጠባበቂያ ቅጂ ማስቀመጥ ይችላል። ስልክ ቤት በፍላሽ የሚጫነው ጌም በዚህ ውስጥ አይገባም፤ ከአጎትዎ ሲዲ ራስዎ የሚገለብጡት ግን ወደ ሕጉ መንፈስ እጅግ የቀረበ ነው።

ይህን ስል የጓደኞችዎ ምርጫ ከየት እንደመጣ ሳልረዳ ቀርቼ አይደለም። በአሜሪካ የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት በዚያ አገር ከወጡት ጌሞች 87 በመቶ የሚሆኑት ዛሬ በገበያ ላይ አይገኙም። ሻጭ የሌለው ዕቃ ሲፈለግ ሰው ወደ ቅጂ ይሄዳል። ቤተ መጻሕፍት እነዚህን ጌሞች ለተመራማሪዎች በርቀት እንዲያውሱ የቀረበውን ጥያቄ እንኳ የአሜሪካ የቅጂ መብት ጽሕፈት ቤት በኦክቶበር 2024 አልተቀበለውም። እኔ በበኩሌ ይህን ውሳኔ ትክክል ነው ብዬ አልቀበለውም፤ ባለመብቱ ራሱ መሸጥ ያቆመውን ሥራ አጥኚ እንዳያየው መከልከል ማንንም አይጠቅምም።

ለእርስዎ ግን ከጓደኞችዎ የተሻለ መንገድ አለ። የፒኤስፒ ሲዲ በኮምፒውተር ማንበቢያ ውስጥ ስለማይገባ የሚገለበጠው በራሱ በፒኤስፒው አማካይነት ነው፤ ለዚህም የማሽኑ ሶፍትዌር በልዩ ሶፍትዌር መተካት ስላለበት ልምድ ካለው ሰው ጋር ቢሠሩት ይሻላል። የተገለበጠውን ፋይል ፒፒኤስኤስፒፒ የተባለው ነጻ ኢሙሌተር ከማሽኑ ምንም ተጨማሪ ፋይል ሳይፈልግ በስልክዎ ላይ ይከፍተዋል። በፒኤስፒው ላይ ያለ መደብር ቢዘጋም፣ ሶኒ የፒኤስፒ ጌሞችን በፕሌይስቴሽን 3 መደብር በኩል መሸጡን ስላላቋረጠ፣ እዚያ የተገዛውን በዩኤስቢ ገመድ ወደ ፒኤስፒው ማሻገርም ይቻላል። በአጎትዎ ሚሞሪ ካርድ ላይ ያለውን የሴቭ ፎልደር ደግሞ ጌሙን ከመገልበጥዎ በፊት ወደ ኮምፒውተር ይውሰዱት፤ ኢሙሌተሩ የእርሱንም አቀማመጥ እንዳለ ስለሚያነበው፣ አጎትዎ ጀምሮ የተወውን ውድድር በስልክዎ ላይ መቀጠል ይችላሉ።