ለኩሬሽ የተሰጠሽ አበባ እንቦጭ ነው

እህቴ፣ ጥያቄሽን አይቼዋለሁ። ጎረቤትሽ ለግቢሽ ኩሬ ወይን ጠጅ አበባ የሚያወጣ ተንሳፋፊ ተክል ሰጠችሽ፤ ዘመድሽ አይቶ «ይሄማ እንቦጭ ነው» አለሽ፤ አንቺ ደግሞ «ኩሬዬ ትንሽ ናት፣ ጣና ከአዲስ አበባ የት እና የት ነው፣ ባስቀምጠው ምን ችግር አለው? አንድ አበባስ ያን የሚያህል ሐይቅ እንዴት ሊሸፍን ቻለ?» ብለሻል። ከታች ብዙ ሰው «ጣይው» ብቻ ብሎ አልፏል። እኔ ደንቢያ ተወልጄ ያደግሁ፣ በጣና ዳር ቀበሌዎች በግብርና ልማት ሠራተኝነት ለዓመታት የሠራሁ ሰው ነኝና ረዘም አድርጌ ልመልስልሽ። መጣሉም ራሱ ዘዴ አለው። ዝም ብለሽ ቱቦ ውስጥ ብትወረውሪው ካስቀመጥሽው ይብሳል።

መጀመሪያ እርግጠኛ ሁኚ። አንዱን ከውሃው አንሺና የቅጠሉን አንገት ጫን አድርጊው። እንደ ፊኛ ያበጠ፣ እንደ ስፖንጅ የሚል ከሆነ፣ ስትሰነጥቂውም ውስጡ በአየር የተሞላ ከሆነ፣ ያ ነው የሚያንሳፍፈው። ሥሩ ጠቆር ያለ፣ እንደ ሽማግሌ ጢም የተንዠረገገ ነው። አበባው ላይ ደግሞ ከላይ ያለችው ቅጠል መሐሏ ላይ ቢጫ ነጥብ አላት፤ ዙሪያዋን ሰማያዊ ከቧታል፣ የጣዎስ ላባ ላይ ያለውን ዓይን ይመስላል። ይህን ካየሽ ጥርጥር የለውም። ቅጠሉ ሰላጣ የሚመስልና ጸጉራም ከሆነ ሌላ ተክል ነው፤ እሱም ቢሆን ከእንግድነት አልፎ ውሃ የሚወር ነው።

አበባው እንደሚያምር አልክድሽም። ችግሩም የጀመረው ከማማሩ ነው። የእንቦጭ አገሩ ደቡብ አሜሪካ፣ የአማዞን ተፋሰስ ነው። ውቅያኖስ አቋርጦ በራሱ አልመጣም፤ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የአትክልት ወዳጆች ለኩሬ ጌጥ ብለው ከአገር አገር እየተቀባበሉ አዞሩት። ግብፅ የገባው በዚያው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ ነው። እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ የኮንጎን ወንዝና በሱዳን የነጭ ዓባይን ወረረ። እኛ ዘንድ መጀመሪያ የተመዘገበው እ.ኤ.አ. በ1965 ቆቃ ግድብና አዋሽ ላይ ነው። ጣና ላይ በይፋ የታወቀው ግን በ2004 ዓ.ም. አካባቢ፣ መገጭ ወንዝ ሐይቁን በሚቀላቀልበት በኩል ነው። እንግዲህ ጎረቤትሽ ለአንቺ እንደሰጠችሽ፣ ከእጅ ወደ እጅ ነው የመጣው።

ከባሕር ማዶ የመጣ ሁሉ ጠላት ነው ማለቴ አይደለም። በቆሎን አባቶቻችን «የባሕር ማሽላ» ይሉት ነበር፣ በርበሬውም ድንቹም የመጡት ከዚያው ከአሜሪካ አህጉር ነው። በቆሎ ግን ካልተዘራና ካልታረመ አይኖርም። እንቦጭ ማንንም አይፈልግም። በአገሩ የሚበሉት ነፍሳት አሉት፤ በተለይ ነቀዝ የሚመስሉ ትንንሽ ጥንዚዛዎች ቅጠሉን እየላጡ፣ እጫቸውም አንገቱን እየቦረቦረ ልክ ያስገቡታል። ሰው ሲያጓጉዘው ግን አበባውን ብቻ ወሰደ፣ ጠላቱን እዚያው ትቶት መጣ። ኡጋንዳና ጎረቤቶቿ በቪክቶሪያ ሐይቅ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ አጋማሽ ያደረጉት ይህንኑ ጠላቱን መልሶ ማምጣት ነበር፤ ጥንዚዛዎቹን አስመጥተው አራቡና ለቀቁ፣ ከጥቂት ዓመት በኋላ አረሙ በብዙ ቦታ ወደቀ። ዝናቡና ማዕበሉም እንዳገዘ ይነገራል። ያም ሆኖ ጨርሶ አልጠፋም፣ እየተመላለሰ ነው።

አንድ አበባ ሐይቅ ይሸፍናል ወይ ላልሽው ያየሁትን ልንገርሽ። ገና ስሙን በደንብ ሳናውቀው አንድ የሥራ ባልደረባዬ ከመገጭ አፍ ሦስት ነቅሎ እናቱ ቤት በልብስ ማጠቢያ ሳፋ አስቀመጠው። ደስ ብሏቸው በር ላይ አኖሩት። እናቱ የበጉን ጉድፍና የዕቃ እጣቢ እየጨመሩ ውሃውን «ያጠነክሩት» ነበር። በሁለት ሳምንት ገደማ ብመለስ ሳፋው አይታይም፤ ቅጠል በቅጠል ሆኖ ከጠርዙ ወጥቶ ተንጠልጥሏል። ከእናቲቱ ተክል ጎን እንደ ገመድ ያለ ቀጭን ዘንግ ይወጣል፣ ጫፉ ላይ ልጅ ይወልዳል፣ ልጁም ሌላ ዘንግ ያወጣል። ሞቅ ያለና ማዳበሪያ ያለበት ውሃ ካገኘ በሁለት ሳምንት ውስጥ እጥፍ ይሆናል። በዚህ ላይ ዘር አለው፤ ዘሩ ጭቃ ውስጥ ተኝቶ ከ15 ዓመት በላይ ሊቆይ ይችላል። በበጋ ውሃው ሸሽቶ ጭቃው ፀሐይ ሲያይ ይበቅላል፤ ክረምት ውሃው ሲሞላ ተነቅሎ ይንሳፈፋል።

እኛ አገር ይህ «ውሃው ሲሸሽ» የሚለው ነገር ቀላል አይደለም። ባሕር ሸሽ የምንለው እርሻ አለ። ሐይቁ ወደ ኋላ ሲል ገበሬው እየተከተለ እርጥቡ መሬት ላይ ሽምብራውን፣ ጓያውን ይዘራል። አጎቴ ልጆቹን ያሳደገው በዚያ ነው። አረሙ ከመጣ በኋላ ውሃው ሲሸሽ ምንጣፉን ጥሎለት ይሄዳል። አንድ ጥማድ መሬት ለማጽዳት እሱና ሁለት ልጆቹ ስንት ቀን እንደፈጀባቸው አይቻለሁ፤ ጸድቶ ሲያልቅ የመዝሪያው እርጥበት አልፎ ነበር። ዓሣ አጥማጆቹም እንዲሁ ናቸው። የደንገል ታንኳ ምንጣፉ መሐል ከገባ መቅዘፊያው አይሠራም፤ ሰውየው ወርዶ በደረቱ እየገፋ ነው የሚያወጣው፣ እግሩን አልቅት ይዞት። መረቡን ሲስብ ከቀረሶና ከአምባዛ ይልቅ የሚወጣው ሥር ነው።

ሰው የማያየው ደግሞ ከሥር ያለው ነው። ምንጣፉ ብርሃን ይከለክላል፣ ሲበሰብስ ኦክስጅን ይጨርሳል። ጣና ላይ በዓለም ሌላ የትም የማይገኙ ከ10 በላይ የነጭ ዓሣ ዝርያዎች አሉ። ከእነሱ በርካቶቹ ክረምት ላይ እንቁላላቸውን ለመጣል ወደ ርብ፣ ወደ ጉማራ፣ ወደ መገጭ ይወጣሉ። እንቦጭ ደግሞ አጥብቆ የሚይዘው የወንዞቹን አፍ ነው። በራቸው ላይ ተኝቷል ማለት ነው። እኔን ከሁሉም የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው፤ ሽምብራው በሌላ ዓመት ይዘራል፣ እነዚያ ዓሦች ግን አንዴ ከጠፉ ከየትም አይመጡም።

«ታዲያ ያ ሁሉ ዘመቻ ምን ሆነ?» ያለ ሰው አይቻለሁ። ዘመቻው ከንቱ አልነበረም። በ2010 ዓ.ም. ጥቅምት ከኦሮሚያ «ጣና ኬኛ» ብለው የመጡትን ወጣቶች እስከ አንገታቸው ውሃ ውስጥ ገብተው ሲነቅሉ ያየ ሰው አይረሳውም፤ እናቶች ዳቦና ጠላ ይዘው ዳር ቆመው ያለቅሱ ነበር። በ2013 ጥቅምትም የአንድ ወር ዘመቻ ነበር። በውጭ ያሉ ወገኖቻችንም አዋጥተው ማሽን ልከዋል። ሁለት ነገር ግን በዓይኔ አይቻለሁ። አንደኛው ክምሩ ነው። እንቦጭ ከ90 በመቶ በላይ ውሃ ነው፤ አንድ እቅፍ ማውጣት ወገብ ይቆርጣል። ደክሞን ከውሃው ጥቂት እርምጃ ላይ እንከምረዋለን፣ የሚያጓጉዝ መኪና አይመጣም፣ በቀጣዩ ክረምት ውሃው መጥቶ ክምሩን ከነዘሩ መልሶ ይወስደዋል። እኔ በነበርኩበት ቀበሌ ሁለት ዓመት ተከታትሎ እንዲህ ሆኗል። ሌላው ወቅቱ ነው። ጥቅምት ላይ አረሙ በብዛቱ ጫፍ ላይ ነው፣ አብቧል፣ ዘር ሊጥል ነው፤ ገበሬውም አጨዳው ደርሶበታል። በእኔ እምነት ሥራው የካቲትና መጋቢት ላይ፣ አረሙ ጭቃ ላይ ተጎድቶ ተኝቶ ሳለ፣ ቀበሌው በየሳምንቱ ቢያጸዳው ይሻል ነበር።

የአረሙ ምግብም አልተነካም። ያ ሳፋ በእጣቢ እንደወፈረው ሁሉ ጣናም በእኛ አፈርና ቆሻሻ ነው የሚቀልበው። ከደጋው የተጋጠ መሬት አፈሩና ማዳበሪያው በጎርፍ ይወርዳል፤ የጎንደር ከተማ ፍሳሽም በቀሃና በአንገረብ አድርጎ ወደ መገጭ ይገባል። አረሙ መጀመሪያ የታየው በዚያ በኩል መሆኑ ለእኔ አይገርመኝም።

አሁን ወደ ኩሬሽ። ጣና ሩቅ ነው ያልሽው ልክ ነው፤ አቃቂ ግን ሩቅ አይደለም። ኩሬሽ በሐምሌ ዝናብ ሞልታ ብትፈስ ውሃዋ ወደ መንገድ ቱቦው ነው የሚሄደው፤ ቱቦው ወደ ወንዙ፣ ወንዙ ወደ አባ ሳሙኤል ግድብ፣ ከዚያ ወደ አዋሽና ወደ ቆቃ። አባ ሳሙኤልን ሄደሽ ብታዪው ውሃ ነው ብለሽ አታምኚም፣ አረንጓዴ ሜዳ ነው የሚመስለው።

ስለዚህ ዛሬውኑ ሁሉንም በእጅሽ ልቀሚው፣ የተቆረጠች ዘንግ እንኳ እንዳትቀር። ከቱቦና ከጎርፍ መንገድ ራቅ ባለ ደረቅ ሲሚንቶ ላይ ወይም በላስቲክ ላይ ዘርግተሽ በፀሐይ አድርቂው፤ በየሁለት ቀኑ ገልብጪው፣ ከላይ ደርቆ ከሥር አረንጓዴ ሆኖ ይቆያልና። እንደ ገለባ ሲንኮሻኮሽ አቃጥይው። ለበግ እሰጣለሁ ወይም ኮምፖስት አደርጋለሁ እንዳትይ፤ አብቦ ስለነበር ዘሩ ይተርፋል። ኩሬውን አድርቀሽ ከታች ያለውን ጭቃ አውጪና ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍረሽ ቅበሪው፤ ውሃውን ደግሞ ቱቦ ውስጥ ሳይሆን ደረቅ መሬት ላይ ድፊው። ከዚያም ቢያንስ ሁለት ክረምት በየሳምንቱ ዓይንሽን ጣል አድርጊበት። ሲበቅል መጀመሪያ ትንሽ ሣር ነው የሚመስለው፣ እንዳያታልልሽ።

ለኩሬሽ ጌጥ ከፈለግሽ ደንገል አለልሽ፣ የአገራችን ነው፣ በገንዳ ተይዞም ያምራል።

አንድ ነገር ብቻ ልለምንሽ። ጎረቤትሽን አትውቀሻት፣ እሷም አምሯት ነው። ግን ቡና ስትጠጡ ጠይቂያት፦ እሷ ከማን አገኘችው፣ ከአንቺ ሌላስ ለስንት ሰው ሰጠች? መልሱን እዚህ ጻፊልን፤ አዲስ አበባ ያላችሁ አባላት ተከፋፍላችሁ ቤት ለቤት ታዳርሱታላችሁ።