የአንባብያን ጥያቄና መልስ፦ ደንገጡር ገረድ ናት ወይስ ወይዘሮ?

እቴጌ ጣይቱ የመጨረሻ ዓመታታቸውን እንጦጦ ላይ እንዴት እንዳሳለፉ ባለፈው እትም አጭር ጽሑፍ አውጥተን ነበር። እዚያ ውስጥ «ከደንገጡሮቻቸው ጋር» የምትል ሐረግ ነበረች፤ ሰሞኑን የደረሱን ጥያቄዎች ከሞላ ጎደል የተነሡት ከእሷ ነው። ጠያቂዎቹም አብዛኞቹ ከከተማው ዳር ዳር ያሉ ናቸው፤ መሐል አዲስ አበባ ስለ ደንገጡር ግድ የለውም መሰለን።

ከሱሉልታ፦ ደንገጡር ማለት የቤት ሠራተኛ ማለት ነው? ልጄ በእንግሊዝኛ መጽሐፏ ላይ ቃል በቃል ሲተረጎም «የምትጠብቅ ወይዘሮ» የሚል ነገር አግኝታ «ማንን ነው የምትጠብቀው?» አለችኝ። መልስ አጣሁ።

ማንንም አትጠብቅም። በእንግሊዝኛ ያ ግሥ ከመጠበቅ ሌላ «ፊት ቆሞ ማገልገል» የሚል ትርጉም አለው፤ ምግብ ቤት ውስጥ የሚያስተናግደውም ሰው የሚጠራው በዚሁ ግሥ ነው። እኛ ደግሞ ደጅ ጥናትን ስለምናውቅ «ጠባቂ» ሲባል በር ላይ የቆመ ባለጉዳይ ይታየናል። ደንገጡር ግን ከበሩ ወዲህ ናት፤ ደጅ የሚጠናው ሌላው ነው። ልጅዎን «ደንገጡር» ብለው ያስተምሯት። ቃሉን መጽሐፍ ቅዱስ ላይም ታገኘዋለች፤ የፈርዖን ልጅ ወደ ወንዙ ስትወርድ አብረዋት የነበሩት፣ ለአስቴርም የተሰጧት ሰባቱ ደንገጡሮች ናቸው። «ደንገጥር» ተብሎ ቢጻፍም ያው ነው።

ከገረድ የሚለያት የምትቆምበት ቦታ ነው። ፈጪዋ፣ ውሃ ቀጂዋ፣ እንጀራ ጋጋሪዋ፣ ጠጅ የምታመላልሰው ገንቦኛ ሁሉም የጓዳ ሰዎች ናቸው፤ ደንገጡር የእልፍኝ ናት። ብዙ ጊዜ የመኳንንት ልጅ ወይም ዘመድ ትሆናለች። ቤተሰቧ የሚልካት ሥራ አጥታ አይደለም፤ እመቤቷ ዘንድ አድጋ ሥርዓት እንድትማር፣ በኋላም ለጥሩ ትዳር እንድትታጭ ነው። ይህ ማለት ግን እጇን አጣጥፋ ትቀመጣለች ማለት አይደለም። በዓድዋ ዘመቻ እቴጌ ጣይቱን ተከትለው የሄዱት ሴቶች ለተዋጊው ውሃ ሲያድሉና ቁስለኛ ሲያነሡ ነው የዋሉት።

ከሰበታ፦ የድራማ ክበብ ነን። አንዲት እቴጌ በእልፍኛቸው ሲመገቡ የሚያሳይ የ6 ደቂቃ ትዕይንት አለን፤ ደንገጡር የሚሆኑ አምስት ልጃገረዶች አሉን። ባለፈው ስናሳይ አንድ አባት «ይሄ የሆቴል መስተንግዶ ነው» አሉን። ምኑን ነው የሳትነው?

ትዕይንቱን ሳናይ እንገምት ካላችሁን፣ የሳታችሁት እጅ ላይ ነው። በሆቴል አንድ አስተናጋጅ ሁሉን ይዞ ይመጣል። በእልፍኝ አንዲት ሴት የምትይዘው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የማዕረጉ ነገር ያለውም እዚያ ላይ ነው። አምስት ከሆናችሁ አንዷ ማንቆርቆሪያ፣ አንዷ ሳፋ፣ አንዷ ፎጣ፣ አንዷ መሶብ፣ አንዷ ብርሌ ትያዝ። ማንቆርቆሪያና ሳፋ የያዙት ሥራቸውን ሲጨርሱ፣ በኋላ የምንነግራችሁን ጨርቅ ይይዛሉ።

መጀመሪያ ማስታጠብ። ሳፋ ያዧ ቀድማ ገብታ ትንበርከክ፤ ቦታዋን ሳትይዝ ማንቆርቆሪያው አይነሣ። ሁለቱ እኩል ከጀመሩ ውሃው ቀሚስ ላይ ይወርዳል፤ ልምምድ ላይ ደጋግሞ የሚያጋጥመው ስሕተትም ይሄ ነው። ሳፋው ከእጅ ከአንድ ስንዝር በላይ እንዳይርቅ፤ ከራቀ ይረጫል። ውሃው ለብ ያለ ይሁን፣ ግማሽ ሊትር ይበቃል፣ በቀጭኑ ይውረድ። አስታጣቢዋ በእቴጌይቱ ቀኝ ትቁም፤ ፎጣ ያዧ ከግራ በሁለት እጇ ዘርግታ ታቅርብ። ለዚህ ብቻ አንድ ሙሉ ደቂቃ ስጡት። ተመልካቹ ይሰለቻል ብላችሁ አትፍሩ፤ አባትየውን ሆቴል ያስመሰለባቸው ጥድፊያው ሊሆን ይችላል።

ቀጥሎ መሶቡ እንደተሸፈነ ይገባል። ከተከፈተ በኋላ ያቀረበችው ሴት ከየወጡ በእንጀራ እያጠቀሰች እቴጌይቱ እያዩ ትቅመስ። መርዝ አለመኖሩን ማረጋገጫው ይሄ ነው። ዋናው ነገር መቅመሷ ሳይሆን መዋጧ ነው፤ ውጣ እስክትጨርስ እቴጌይቱ እጃቸውን አይዘረጉም። ጠጁም እንደዚሁ ነው፦ ብርሌ ያዧ በግራ መዳፏ ጥቂት ጠብ አድርጋ ትጠጣና ብርሌውን በሁለት እጇ ታቀርባለች። ልጆቹ ታዳጊዎች ከሆኑ በጠጅ ፈንታ ብርዝ ተጠቀሙ፤ አንድ እጅ ማር በአምስት እጅ ለብ ባለ ውሃ በጥብጣችሁ አጥልሉት፣ ከሩቅ ሲታይ ጠጅ ይመስላል። ብርሌውን አንገቱ እስከሚጀምርበት ብቻ ሙሉት። ጢም ብሎ ከሞላ ወደ መዳፍ ሲዘነብል ጉልቅ ጉልቅ እያለ ክንድ ላይ ይፈስሳል፤ ሕዝቡም ይስቃል።

አሁን ወደ ጨርቁ እንምጣ። ትልቅ ሰው ሲበላና ሲጠጣ ዓይን እንዳያርፍበት ሁለት ሰዎች ኩታ ወይም ነጠላ ዘርግተው ይከልሉታል። ድራማ የሚሠሩ ሰዎች ይህን ሲያደርጉ ጨርቁን ከእቴጌይቱ ኋላ ይዘረጉታል፤ ተመልካች እንዳይጋረድበት ብለው። ከኋላ ከሆነ ግን ማስጌጫ ሆነ ማለት ነው። በእቴጌይቱና በአዳራሹ መካከል ዘርጉት። ሕዝቡ ሲጠጡ አይይ፤ የሚያየው ነጭ ጨርቅ፣ የሚሰማውም ብርሌው ሲቀመጥ ብቻ ይሁን። ከዚህ የተሻለ የመድረክ ሐሳብ እኛ የለንም።

ደንገጡሮቹ ነጠላቸውን ትከሻቸው ላይ ጣል አድርገው ከሆነ አስተካክሉት። ትከሻ ላይ የተጣለ ነጠላ የእንግዳ ነው፤ የምታገለግል ሴት ወገቧ ላይ አሥራ፣ አደግድጋ ነው የምትቆመው። ሲወጡም ጀርባ አይስጡ፤ ሦስት እርምጃ ወደ ኋላ፣ ከዚያ በጎን።

ከኮዬ ፈጬ፦ የፈረንሳይ ንግሥት ሸሚዟን ራሷ አትለብስም ነበር ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው?

እውነት ነው። በቬርሳይ ሸሚዝ ማቀበል ክብር ስለነበር፣ ክብሩም በማዕረግ ቅደም ተከተል የሚሄድ ስለሆነ፣ ከፍ ያለች ሴት በገባች ቁጥር ሸሚዙ ለእሷ ይተላለፋል። የማሪ አንቷኔት የእልፍኝ ሴት የነበሩት ማዳም ካምፓን በማስታወሻቸው አንድ የብርድ ቀን ያስታውሳሉ። ንግሥቲቱ ልብሳቸውን አውልቀው ሸሚዙን ሊለብሱ ሲሉ ዋናዋ የክብር ወይዘሮ ገቡ፤ ጓንታቸውን አውልቀው ሸሚዙን ተቀበሉ። በሩ ተቧጨረ (እዚያ በር አይንኳኳም፣ በጣት ይቧጨራል)። የኦርሌያን ዱሼስ ገቡ፤ እሳቸውም ጓንት አወለቁ። የክብር ወይዘሮዋ ሸሚዙን ለዱሼሷ በቀጥታ መስጠት ስለማይገባቸው ወደ ካምፓን ተመልሶ ነው ለዱሼሷ የሚደርሰው። እንደገና በሩ ተቧጨረ፤ አሁን የንጉሡ ወንድም ሚስት ናቸው። እኚህ የንግሥቲቱን መንቀጥቀጥ አይተው ጓንታቸውን ሳያወልቁ ቶሎ ቢያለብሷቸው የጸጉራቸውን ሥራ አበላሹባቸው። ንግሥቲቱ ይህን ሁሉ ጊዜ ራቁታቸውን፣ ክንዳቸውን ደረታቸው ላይ አጣምረው ቆመው ነበር። እዚያ እልፍኝ ውስጥ ሸሚዙ ሁለት ጊዜ እጇ ገብቶ ያላለበሰችው ካምፓን ነበረች፤ ያንን ቀን የጻፈችውም እሷው ናት።

ከለገጣፎ፦ የታሪክ መምህር ነኝ። ተማሪዎቼ «እነዚህ ሴቶች ልብስ ከማልበስ ሌላ ምን ሥልጣን ነበራቸው?» ይሉኛል። አንድ ጥሩ ምሳሌ ብትሰጡኝ።

ጥሩው የእንግሊዝ ነው፤ መንግሥት እንዳይመሠረት አድርገዋልና። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1839 ጠቅላይ ሚኒስትር ሜልበርን ሥልጣን ለቀቁ፤ ንግሥት ቪክቶሪያ ሮበርት ፒልን አስጠሩ። ፒል የንግሥቲቱ የእልፍኝ ወይዛዝርት አብዛኞቹ የተቃዋሚው ፓርቲ ሰዎች ሚስቶችና ዘመዶች መሆናቸውን አይተው «ጥቂቶቹ ይቀየሩልኝ» አሉ። የ19 ዓመቷ ንግሥት አንዲትም አልሰጥም አሉ። ፒልም መንግሥት ሳይመሠርቱ ቀሩ፤ ሜልበርን ተመልሰው እስከ 1841 ቆዩ። ተማሪዎችዎ ፒልን ቂመኛ ብለው እንዳያልፏቸው። ሰውየው ያሰቡት ቀላል ስሌት ነው፤ እኔ ንግሥቲቱን የማገኘው በቀጠሮ ነው፣ እነዚህ ሴቶች ግን ጠዋትም ማታም አብረዋት ናቸው።

ከዚያ በፊት በንግሥት አን ዘመን ሣራ ቸርችል ወደ ንግሥቲቱ ክፍል የሚያስገባ የወርቅ ቁልፍ ነበራት። ወደ ቤተ መንግሥት ያስገባቻት ድኻ ዘመዷ አቢጌል ቀስ በቀስ ቦታዋን ወሰደችባት፤ በ1711 ሣራ ቁልፉን እንድትመልስ ተደረገ። ለተማሪ ከቁልፉ የተሻለ ማስረጃ የለም። በጃፓን ደግሞ ሙራሳኪ ሺኪቡ የምታገለግላትን እቴጌ ሾሺን የቻይና ግጥም በድብቅ ታስተምራት ነበር፤ የቻይና ጽሑፍ የወንድ ትምህርት ነው ተብሎ ስለሚታሰብ።

በእኛ አገር ሥልጣኑ የሚታየው በጋብቻ ነው። እቴጌ ጣይቱ የወንድማቸውን የራስ ወሌን ልጅ ከፈይን ለራስ መንገሻ ዮሐንስ፣ የዚያኑ ወንድማቸውን ልጅ ጉግሣን ለዘውዲቱ ምኒልክ አጋቡ። ከፈይ ደንገጡር ናት ማለታችን አይደለም። ነገር ግን በአንዲት እቴጌ ዙሪያ ያሉ ልጃገረዶች ለምን እንደሚፈለጉ ከዚህ መገመት ይቻላል፤ ሴት ልጁን ቤተ መንግሥት ያስቀመጠ መኰንን በአንድ በኩል ባለሟል፣ በሌላ በኩል መያዣ የሰጠ ሰው ነው።

ከቡራዩ፦ ደመወዝ ነበራቸው? ማግባትስ ይችላሉ?

እንደ አገሩ ነው። በቪክቶሪያ ዘመን ያላገቡት የክብር ልጃገረዶች በዓመት 300 ፓውንድ ይከፈላቸዋል፤ በንግሥቲቱ ፈቃድ ሲያገቡ 1,000 ፓውንድ ጥሎሽ ያገኛሉ። ቁልፉ ቃል «በፈቃድ» የሚለው ነው። ከዚያ ሦስት መቶ ዓመት ገደማ ቀደም ብሎ የቀዳማዊት ኤልሳቤጥ ደንገጡር ቤስ ትሮክሞርተን ዋልተር ሮሊን በ1591 በስውር አግብታ ወለደች፤ ነገሩ ሲታወቅ በ1592 ባልና ሚስቱ ለንደን ታወር ታሰሩ። እሷ ወደ ቦታዋ አልተመለሰችም። በቻይና የቺንግ ሥርወ መንግሥት ደግሞ የቤተ መንግሥት ልጃገረዶች በ13 ዓመታቸው ገደማ ገብተው፣ በኋለኛው ዘመን ደንብ 25 ሲሞላቸው ይሰናበቱ ነበር። ያኔ ለትዳር ዘግይተዋል፤ በ25 ዓመት ያላገባች ሴት በዚያ አገር ምን እንደምትባል አያቶቻችሁን ብትጠይቁ ሳይሄዱበት ይነግሯችኋል።

በገንዘብ የማይተመነውንም ዋጋ ያስቡ። ኤልሳቤጥ በ1562 ፈንጣጣ ሲይዛቸው ያስታመመቻቸው ሜሪ ሲድኒ በሽታው ተጋባባት፤ ንግሥቲቱ ሲድኑ የእሷ ፊት ተበላሽቶ ቀረ። ብላንሽ ፓሪ ደግሞ ንግሥቲቱ ሕፃን ሳሉ ጀምራ፣ በኋላም ጌጣቸውን እየጠበቀች፣ ሳታገባ አገልግላ፣ ዓይኗ ጠፍቶ በ1590 ሞተች።

ከአቃቂ፦ አሁንም አሉ?

በእንግሊዝ ስሙ ቀርቷል። እ.ኤ.አ. በኅዳር 2022 ንግሥት ካሚላ የቀድሞውን ደንገጡርነት ትተው ስድስት «የንግሥት ጓደኞች» ሰየሙ፤ አልፎ አልፎ በይፋዊ ዝግጅት ላይ አብረዋቸው የሚገኙ የቅርብ ወዳጆቻቸው ናቸው። ለሕዝብ ደብዳቤ መመለስና የቀን ፕሮግራም ማውጣት የእነሱ ሥራ አይደለም፤ እሱን የጽሕፈት ቤቱ ሠራተኞች ይሠሩታል።