8 ሜትር ላይ ድንጋይ፣ 14 ሜትር ላይ ሸክላ፦ የሴይስሚክ ጥናቱ ምን አመለጠው?

ጥያቄ፦ ጎንደር፣ ጠዳ አካባቢ ለውሃ ጉድጓድ የሴይስሚክ ጥናት (መሬትን በንዝረት ሞገድ የሚመረምር) አሠርተን ነበር። ሪፖርቱ «ከ8 ሜትር ጀምሮ ጽኑ አለት ነው» ይላል። የመቆፈሪያ ማሽኑ (ሪጉ) እንደተባለው 8 ሜትር ላይ ጥቁር ድንጋይ ነካ። 14 ሜትር ላይ ግን ቀይ ሸክላ ውስጥ ገባና ጉድጓዱ ይናድ ጀመር። ባለሙያው ተሳስቶ ነው? አሁንስ ምን እናድርግ?

መልስ፦ 8 ሜትር የሚለው ልክ ነው፤ ችግሩ ያለው «ጀምሮ» የሚለው ቃል ላይ ነው። የአካባቢያችን መሬት አንድ ወጥ አለት አይደለም። ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት የፈሰሰ ላቫ በላቫ ላይ ተደራርቦ የተሠራ ነው። በሁለት ፍሳሾች መካከል ረጅም ጊዜ ካለፈ የታችኛው ይበሰብስና አፈር ይሆናል። ኋላ የመጣው ትኩስ ላቫ ያንን አፈር ይጠብሰዋል፤ ቀይ የሚሆነውም ለዚህ ነው። እናንተ የገባችሁበት ሸክላም ይህ ይመስላል።

የተሠራላችሁ ሪፍራክሽን የሚባለው ዘዴ መሆን አለበት። መሬቱ በመዶሻ ይመታል፤ በመስመር የተተከሉት ጂኦፎኖች (የመሬት ንዝረት መቀበያዎች) ሞገዱ መጀመሪያ የደረሰበትን ሰዓት ይመዘግባሉ። የላይኛው አፈር ፍጥነት በሰከንድ 400 ሜትር፣ የአለቱ 2400 ሜትር፣ የመነሻ ጊዜው (በሰዓትና ርቀት ግራፍ ላይ የአለቱ መስመር ወደ ኋላ ሲዘረጋ የሰዓቱን ዘንግ የሚነካበት) 40 ሚሊሰከንድ ቢሆን፣ ስሌቱ 8.1 ሜትር ይሰጣል። ነገር ግን ሞገዱ ታጥፎ ወደ ላይ የሚመለሰው የታችኛው ንብርብር ከላይኛው ሲፈጥን ብቻ ነው። ከጠንካራው ድንጋይ ወደ ለስላሳው ሸክላ ሲገባ ወደ ታች ይታጠፋል፤ ከሸክላው አናት ተመልሶ ጂኦፎኑ ጋ ቀድሞ የሚደርስ ምልክት የለም። ስለዚህ ሸክላው በዚህ ዘዴ አይታይም፤ ባለሙያው ቢጠነቀቅም አይታይም። ከሸክላው ሥር ሌላ ፈጣን አለት ቢመዘገብ እንኳ፣ ጥልቀቱ ከእውነተኛው በልጦ ይሰላል።

ፍንጭ ግን ሊኖር ይችላል። ጥሬውን መዝገብ ጠይቁ፤ የከፈላችሁበት ስለሆነ ሊሰጣችሁ ይገባል። ድንጋዩ ስስ ከሆነ የመጀመሪያው ምልክት ሩቅ ያሉት ጂኦፎኖች ላይ ቶሎ ይደክማል፤ ከዚያ ዘግይቶ የመጣ ሌላ ምልክት ቦታውን ይወስዳል። በግራፉ መስመር ላይ እንደ ደረጃ የተሰበረ ዝላይ ካያችሁ፣ «ጽኑ አለት» የተባለው ቀጭን ጣሪያ እንደሆነ ጠርጥሩ። ይህ ሪፖርቱ ላይ ሳይጻፍ ቀርቶ ከሆነ ቅሬታችሁ ተገቢ ነው።

ለሚቀጥለው ቦታ ሪፍራክሽኑን ብቻውን አታሠሩ። በዚያው መሣሪያ የገጽ ሞገድ ልኬትም ይደረግ፦ 24 ባለ 4.5 ኸርዝ ጂኦፎን፣ በየ2 ሜትሩ፣ የቀረጻው ርዝመት ቢያንስ 1 ሰከንድ። የ46 ሜትር መስመር እስከ 20 ሜትር ገደማ ያሳያል፤ በድንጋይ ሥር የተደበቀ ለስላሳ ንብርብርንም ሊያወጣ ይችላል። ትርጉሙ ግን ጥንቃቄ ይፈልጋል፤ ጠንካራው ከላይ ሲሆን የሞገዱ ኩርባ ስለሚደባለቅ በኮምፒውተር የወጣውን ውጤት እንዳለ መቀበል አይገባም። ከዚያ በላይ ለሚጠልቀው የኤሌክትሪክ ልኬት ይጨመርበት። ሴይስሚክ ራሱ ውሃን አያይም፤ የሚለካው የአለቱን ፍጥነት ነው። ኤሌክትሪክ ደግሞ ሸክላንና ውሃ የያዘ የተሰነጠቀ ድንጋይን ሊያምታታ ይችላል። ሁለቱ አንዱ የሌላውን ጉድለት ይሸፍናሉ።

ሜዳ ላይ ብዙ ሥራ የሚበላሸው ዋልካ ላይ ነው። በበጋ ስለሚሰነጣጠቅ ጂኦፎኑ ላይ ላዩን ከተሰካ ይንቀጠቀጣል፤ 15 ሳንቲ ሜትር ያህል ቆፍራችሁ እርጥቡ አፈር ላይ አጥብቃችሁ ትከሉት። ባለ 8 ኪሎ መዶሻና ወፍራም የብረት ሳህን ይበቃል። በእያንዳንዱ ነጥብ ከ8 እስከ 10 ጊዜ ተመትቶ ቅጂዎቹ ይደመሩ፤ 9 ምት ጥራቱን 3 እጥፍ ያሻሽላል፣ ያም ምቱን ተከትሎ ቀረጻውን የሚያስጀምረው ትሪገር የመዶሻው እጀታ ላይ ካልላላ ነው። ሪፍራክሽኑ በየ5 ሜትሩ ከሆነ የአፈሩን ፍጥነት የሚያሳዩት የመጀመሪያዎቹ 4 ጂኦፎኖች ብቻ ናቸው፤ አጠገባቸው 1 ሜትር እየተራራቁ ተጨማሪ ጂኦፎኖች ይተከሉ። ከሁለቱም ጫፍ መምታት ግድ ነው፤ አለቱ ያዘነበለ መሆኑ የሚታወቀው በዚያ ብቻ ነው። በማለዳ፣ ነፋስና ባጃጅ ሳይበዛ ሥሩ።

አሁን ያለውን ጉድጓድ ግን አትተዉት። ሸክላው ውሃ ሲነካው ያብጣልና ቶሎ ኬዚንግ (ግድግዳውን የሚደግፍ ቧንቧ) ይግባበት። ለምሳሌ እስከ ሸክላው ሥር በ12 ኢንች ይስፋ፣ 10 ኢንች ኬዚንግ ገብቶ ጫፉ ታችኛው ድንጋይ ላይ ይቀመጥ፣ ከዚያ በ8 ኢንች ይቀጥል። የታችኛው ፍሳሽ አናት ብዙ ጊዜ ቀዳዳ የበዛበትና የተሰነጠቀ ስለሆነ፣ ውሃ የሚፈለገው እዚያ ነው። ከየሜትሩ የሚወጣውን ፍርፋሪ በከረጢት አስቀምጡና ጥልቀቱን ጻፉበት። ቀዳዳዎቹ በነጭ ማዕድን ተሞልተው ካገኛችኋቸው ያ ንብርብር ውሃ አያሳልፍም፤ ቁፋሮው ወደሚቀጥለው ፍሳሽ ይውረድ።