ሰዓቷ የሚዛነፍ ከተማ፦ ጥያቄና መልስ

ከጅማ የደረሱን የዚህ ሳምንት ጥያቄዎች አንድ ጉዳይ ላይ ገጥመዋል፤ ኑሮዋ ሁሉ በጊዜ ዙሪያ የሚሽከረከር ምናባዊ ከተማ ስለመፍጠር።

ጥያቄ፦ በከተማዬ ሁሉም ሰው አንገቱ ላይ ሰዓት ያንጠለጥላል፤ በየአደባባዩም የሰዓት ማማ አለ። ያም ሆኖ ስለ ጊዜ የምትኖር አትመስልም። ምን ጎደላት? (ከጂሬን)

መልስ፦ ስህተት ጎድሏታል። ሰዓት ሁልጊዜ ልክ ከሆነና ለሁሉም ከተዳረሰ በእሱ የሚጣላም፣ የሚምልም፣ የሚካሰስም አይኖርም። አንድ የመለኪያ ዕቃ ይምረጡ፤ በምን ምክንያት እንደሚዛነፍ ይጻፉ፤ ከዚያ መዛነፉ ማንን እንደሚጠቅምና ማንን እንደሚጎዳ ይጠይቁ። ሕጉ፣ ሙያው፣ ስድቡ፣ የሠርጉ ወግ ሳይቀር ከዚህ ከመጨረሻው ጥያቄ ይወጣል። ማማው ጌጥ ነው።

ጥያቄ፦ የከተማዋ ዋና ሰዓት ከሥሩ የተበሳ የውሃ ጋን ቢሆንስ? (ከሄርማታ)

መልስ፦ ግሩም ምርጫ ነው፤ ሰፋ አድርገን እንየው። ውሃ ከቀዳዳ የሚወጣበትን ፍጥነት የሚወስነው ከላዩ ያለው የውሃ ከፍታ ነው። ከፍታው ወደ አንድ አራተኛ ሲወርድ ፍጥነቱ በግማሽ ይቀንሳል። ጋኑ በ40 ሳንቲሜትር ውሃ ቢጀምር፣ 10 ሳንቲሜትር ሲቀረው የሚፈሰው የመጀመሪያው ግማሽ ብቻ ነው። ስለዚህ ጎኑ ቀጥ ባለ ጋን ላይ ምልክቶቹ በእኩል ርቀት ከተጫሩ የመጀመሪያዎቹ ሰዓቶች ያጥራሉ፣ የመጨረሻዎቹ ይረዝማሉ። አሁን የቀን ሠራተኛውን ያስቡት። በሰዓት የሚከፈለው ሰው ጋኑ ገና እንደሞላ ለመቀጠር ይሽቀዳደማል፤ አሠሪው ደግሞ እስኪጎድል ይጠብቃል። ለከተማዋ የመጀመሪያ ዓመፅ ከዚህ የተሻለ ምክንያት አያስፈልግም።

ማስተካከያ አለው። አንደኛው ጋኑን ከላይ ሰፊ፣ ከታች ጠባብ ማድረግ ነው፤ በግብፅ ካርናክ የተገኘው፣ በሦስተኛው አሜንሆቴፕ ዘመን የተሠራው የውሃ ሰዓት እንዲህ ያለ ነው። ሁለተኛው ሦስት ዕቃ ይፈልጋል፦ ከላይ ማጠራቀሚያ፣ መካከል ላይ ከአፉ ዝቅ ብሎ ማፍሰሻ የተበሳለት ጋን፣ ከታች ተቀባይ። ወደ መካከለኛው የሚገባው ውሃ ከሚወጣው በጥቂቱ ከበለጠ ትርፉ በማፍሰሻው ይወርዳል፣ ከፍታው ባለበት ይቆያል፤ ምልክቱም ተቀባዩ ላይ በእኩል ርቀት ይጫራል። ዋጋው ግን ቀንና ሌሊት የሚቀዳ ትርፍ ውሃ ነው። ውሃ ቀጂዎቹ እንስራቸውን ካስቀመጡ የከተማዋ ጊዜ ቆመ ማለት ነው፤ ይህን ሥልጣን ለማን እንደሚሰጡ ረጋ ብለው ያስቡበት።

ቀዳዳውንም አይርሱት። ደለል ሲያጠበው ሰዓቱ ይዘገያል፤ ውሃው አጥቦ ሲያሰፋው ይፈጥናል። ስለዚህ ውሃው በጨርቅ ይጠለላል፣ ቀዳዳው ከጠንካራ ድንጋይ ወይም ከብረት ይሠራል። መውጫው ቀጭን ቱቦ ከሆነ ደግሞ ቀዝቃዛ ውሃ ስለሚወፍር በብርድ ሌሊት ሰዓቱ ይጎተታል።

ጥያቄ፦ ከተማዬን ጅማ ባለችበት ኬክሮስ ላይ አስቀምጫታለሁ። አደባባይዋ ላይ የጥላ ሰዓት መትከል እችላለሁ? (ከፈረንጅ አራዳ)

መልስ፦ ይችላሉ፤ ነገር ግን በአውሮፓ የአትክልት ቦታዎች የሚታየውን፣ ሰሌዳው የተነጠፈውን ዓይነት አይቅዱ። ጅማ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 7.7 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሆነች፣ ጥላ የሚጥለው ዘንግ ወደ ሰሜን እያመለከተ ከመሬት የሚነሳው በዚያው 7.7 ዲግሪ ብቻ ነው። በተነጠፈ ሰሌዳ ላይ ከቀትር ቀጥሎ ያለው አንድ ሰዓት 2 ዲግሪ ያህል ሲይዝ የቀኑ የመጨረሻ ሰዓት ከ60 ዲግሪ በላይ ይወስዳል። በቀትር አካባቢ ማንም አያነበውም። ሰሌዳውን ከዘንጉ ጋር 90 ዲግሪ እንዲሠራ አድርገው ያቁሙት፤ ያን ጊዜ እያንዳንዱ ሰዓት እኩል 15 ዲግሪ ያገኛል። ሁለቱም ፊቱ መቆጠር አለበት፤ ከመጋቢት አጋማሽ እስከ መስከረም አጋማሽ ፀሐይ በሰሜን ፊቱ ትውላለች፣ የቀረውን ግማሽ ዓመት በደቡብ ፊቱ። ለሁለቱ ፊቶች ሁለት ተፎካካሪ ጠባቂ ቤቶችን መመደብ ይቻላል።

ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ በሚያዝያ መጀመሪያና በነሐሴ መጨረሻ፣ በቀትር አናት ላይ ትሆናለች፤ ቀጥ ያለ በትርም ጥላ ያጣል። የነሐሴዋን ደመና ስለሚሸፍናት ትልቁን በዓል ለሚያዝያ ይስጡ። ሞዴሉን ጅማ ውስጥ ሠርተው ከእጅ ሰዓት ጋር ሲያስተያዩት ጥላው በአማካይ 33 ደቂቃ ያህል ወደኋላ ቢቀር አይደንግጡ፤ የአገራችን ሰዓት የተቃኘው ከጅማ በስተምሥራቅ በሚገኘው 45 ዲግሪ ኬንትሮስ ነው። በዓመቱ ውስጥም ልዩነቱ እስከ ሩብ ሰዓት ይሰፋል ወይም ይጠባል።

ጥያቄ፦ ከደቂቃ ሌላ ምን መለኪያ አለ? (ከሄርማታ)

መልስ፦ ባሕረ ሐሳብ ዕለቱን በ60 ኬክሮስ ይከፍለዋል፤ አንዱ 24 ደቂቃ ነው። ቃሉ ከላይ ለምድር መለኪያ የተጠቀምንበት ራሱ ነው፤ ቦታና ጊዜ በአንድ ስም መጠራታቸው ለእንዲህ ያለች ከተማ የተዘጋጀ ስጦታ ነው። ለጎረቤት ቀጠሮ ደግሞ አቦል፣ ቶና፣ በረካ ይበቃል፤ “በቶና እደርሳለሁ” ያለ ሰው ተረድቷል። ፍርድ ቤት ላይ ግን አይሠራም፤ ቡናው እንደ አፍይዋ እጅ ነው።

ጥያቄ፦ ጳጉሜንን ከማንኛውም ወር ውጪ፣ ዕዳ የማይቆጠርበት ጊዜ ላድርገው? (ከጂሬን)

መልስ፦ ያምራል፤ አበዳሪው በነሐሴ መጨረሻ የሚያሳድደው ተበዳሪ ወዲያው ይታያል። በየአራት ዓመቱ የምትመጣዋን ስድስተኛ ቀን ግን አይዝለሏት። ያለ እሷ የቀን መቁጠሪያው በ120 ዓመት አንድ ወር ገደማ ይንሸራተታል፤ በጥቅምት ይለቀም የነበረው ቡና በኅዳር ይቀላል።

ጥያቄ፦ “እስከ ዓርብ እከፍላለሁ” ያለ ገጸ ባሕርይ አለኝ። ጊዜው የሚያልቀው መቼ ነው? (ከፈረንጅ አራዳ)

መልስ፦ ዕለቱ ፀሐይ ስትጠልቅ በሚለወጥበት ሰፈር ዓርብ ማታ 12 ሰዓት ላይ አልቋል፤ ጎህ ሲቀድ በሚለወጥበት ሰፈር ቅዳሜ ጠዋት 12 ሰዓት ድረስ ይቆያል። ሁለቱ ሰፈሮች የሚዋዋሉ ከሆነ ውሉ ላይ “በጀንበር” ወይም “በጎህ” የሚል ቃል ያስገቡ፤ ያንን ቃል የዘለለ ጸሐፊ ደግሞ የ12 ሰዓት ክርክር አስነስቷል።