ቴሌቪዥን የምትገዘግዘው ሴት

ጥያቄ፦ ሰላም ለእናንተ! አንድ የድሮ ፎቶ አይቼ ግራ ገባኝ። አንዲት ሴት ተደራርበው የቆሙ ሦስት ቴሌቪዥኖችን ይዛ እንደ ቼሎ (ተቀምጠው የሚጫወቱት ትልቅ ቫዮሊን መሰል መሣሪያ) በደጋን ትገዘግዛለች። ከሥሩ የተጻፈው ግን ናም ጁን ፓይክ የሚል የወንድ ስም ብቻ ነው። ሴትየዋ ማን ናት? ለፎቶ ነው የቆመችው ወይስ የእውነት ትጫወታለች? (ወንድማችሁ ከአዳማ)

መልስ፦ የእውነት ነው የምትጫወተው ወንድሜ። ሻርሎት ሙርማን ትባላለች። በ1933 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች ናቸው) በአሜሪካ አርካንሶ፣ ሊትል ሮክ ተወለደች፤ ኒው ዮርክ ጁሊያርድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ገብታ የተማረች የለየላት ቼሊስት ነበረች።

ከኮሪያ ተወላጁ አርቲስት ፓይክ ጋር በ1964 ሥራ ጀመሩ። እሱ ቴሌቪዥን ይፈታታል፣ ማግኔት እያስጠጋ ምስሉን ያጣምማል። እሷ ደግሞ ያንን ዕቃ ይዛ መድረክ ላይ ትወጣለች። በ1969 ሁለት ትንንሽ ቴሌቪዥኖች ጡቷ ላይ አስራ ቼሎ ተጫወተች፤ የቼሎው ድምፅ ስክሪኑ ላይ ያለውን ምስል ይረብሸው ነበር። አንተ ያየኸው የ1971ዱ ነው። ግልጽ የፕላስቲክ ሳጥን ውስጥ የገቡ ሦስት ቴሌቪዥኖች፣ ላያቸው ላይ ክር፤ ስክሪኖቹ ላይ አንዴ ራሷ እየተጫወተች በቀጥታ ትታያለች፣ አንዴ የተቀዳ ምስል ይመጣል፣ አንዴ ደግሞ የዕለቱ የቴሌቪዥን ሥርጭት። ድምፁ? እውነት ለመናገር ለጆሮ አይመችም፣ ጩኸት ነው። ግን ያን ጊዜ ቴሌቪዥን ሰው ቁጭ ብሎ የሚያየው እንጂ የሚነካው ነገር አልነበረም፣ እሷ አቅፋው ነው የተቀመጠችው!

ታዲያ ስሟ ለምን ጠፋ? በ1967 ኒው ዮርክ ውስጥ ደረቷን ገልጣ ስትጫወት ፖሊስ ያዛት። ፍርድ ቤት ጥፋተኛ አላት፣ ቅጣቱ ግን በገደብ ቀረ። ጋዜጦቹ ግን አለቀቋት፤ «ደረቷን ገልጣ ቼሎ የምትጫወተው» የሚለው ስም ዕድሜ ልኳን ተከተላት። በእኔ እምነት ከፍርዱ ይልቅ የጎዳት ይሄ ነው፣ ምክንያቱም ሌላውን ሥራዋን ሁሉ ሸፈነው። ከ1963 እስከ 1980 ድረስ 15 ጊዜ የአቫንጋርድ (ከተለመደው የወጣ አዲስ ጥበብ) ፌስቲቫል ያዘጋጀችው እሷ ናት፤ ያውም ሴንትራል ፓርክ፣ የስታተን አይላንድ መርከብ ላይ፣ ግራንድ ሴንትራል ባቡር ጣቢያ! ለአንድ አዳራሽ ፈቃድ ደጅ የጠና ሰው ይሄ ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል።

ዕቃውን የሠራው ፓይክ ነው፣ አይካድም። ያለ ተጫዋች ግን ሳጥን ነው፤ ስለዚህ ሥራው የሁለቱም ነው ባይ ነኝ።

ሙርማን በ1991 በጡት ካንሰር አረፈች። ስትጫወት ማየት ከፈለግህ በ1973 ለቴሌቪዥን የተሠራውን የፓይክን ቪዲዮ «ግሎባል ግሩቭ» ፈልግ። ግማሽ ሰዓት እንኳ አይሞላም፣ የሷ ክፍል እስኪመጣ ታገስ።