የነጠላዋ ቋጠሮ

«ጋሼ፣ የትኛውን ካሜራ ልግዛ?» ብሎ አንድ ልጅ ሰሞኑን ጠየቀኝ። መልስ ልሰጠው ስል አንዲት እናት ትዝ አለችኝና ዝም አልኩ።

«ሌትያት ዡራቭሊ»ን ያየሁት ሞስኮ ተማሪ ሳለሁ ነው። «ሽመላዎቹ እየበረሩ ነው» እንበለው። እ.ኤ.አ. የ1957 ፊልም ነው፤ በሚቀጥለው ዓመት በካን የፊልም ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት፣ ፓልም ዶርን፣ ወስዷል። ዳይሬክተሩ ካላቶዞቭ፣ ካሜራማኑ ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪ። ቬሮኒካ ዘማች እጮኛዋን ለመሸኘት በአውቶቡስ ትመጣለች። ካሜራው አጠገቧ ነው። ስትወርድ አብሯት ይወርዳል፤ በሰው መሃል እየተጋፋች ስትሮጥ አብሯት ይሮጣል። ከዚያ ሳይቆረጥ ሽቅብ ይነሣና በታንኮቹ መሃል ስታቋርጥ ከላይ ያሳየናል። ያን ምሽት እንቅልፍ አልወሰደኝም።

አገሬ ስመለስ የዘማቾች ሽኝት እንድቀርጽ ተላኩ። በእጄ ያለው 16 ሚሊሜትር ካሜራና 30 ሜትር ፊልም ነው። ሦስት ደቂቃ አይሞላም። አንዲት እናት ዘማቾቹን የጫነው ኦራል መኪና ሥር ቆማለች፤ ልጇ ከላይ ሆኖ ያያታል። እኔ ዙሪያዋን ዞርኩ፣ ሮጥኩ፣ ተንበረከክሁ። ኡሩሴቭስኪን መምሰል ፈልጌ ነው። ፊልሙ አለቀ።

የነጠላዋን ቋጠሮ መፍታት የጀመረችው ያኔ ነው። ጣቶቿ ተንቀጠቀጡ፣ እምቢ ሲላት በጥርሷ ያዘችው። መኪናው ተነሣ። ቋጠሮው ሲፈታ ሳንቲሞቹን ጨብጣ ጥቂት እርምጃ ሮጠች፤ አልደረሰችበትም። ባዶ ካሜራ ይዤ ቆሜ አየሁ። ፊልሙ ታጥቦ ሲመጣ ሰማይ፣ ጎማና የሰው ጀርባ ብቻ ነበር። ፊቷ አንድም ቦታ ጥርት ብሎ አልወጣም።

ኡሩሴቭስኪ በመጀመሪያ የተማረው ሥዕል ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነትም ግንባር ላይ ቀርጿል። ካሜራው የሮጠው ቬሮኒካ ስለሮጠች ነው። እኔ የቀረጽኳት እናት ግን ቆማ ነበር።

ካሜራ የሚንቀሳቀሰው ሰው ሲንቀሳቀስ ነው የሚል ሕግ አወጣና፣ እ.ኤ.አ. በ1964 የወጣው የኡሩሴቭስኪ የኩባ ፊልም፣ «እኔ ኩባ ነኝ»፣ ያፈርስብኛል። እዚያ ካሜራው ማንንም ሳይከተል ፎቅ ይወጣል፣ ሲጋር በሚጠቀለልበት ክፍል ያልፋል፣ በመስኮት ወጥቶ ከቀብር ሰልፉ በላይ በአየር ይሄዳል። ዓይን የማያየውን ብርሃን በሚቀበል የኢንፍራሬድ ፊልም የተነሣው ዘንባባ ደግሞ ነጭ ሆኖ ያበራል። ይህን ሁሉ ዛሬም እወደዋለሁ። ሕጌን ለእናንተ እንደ ሕግ መስጠት የሚከብደኝ ለዚህ ነው።

የዛሬ ልጆች ፈጣኖች ናችሁ፤ ካሜራውን ደግፎ በሚያረጋጋው ጊምባል ያለ ንቅንቅታ ትሄዳላችሁ። ሰው ፊት ላይ ስትቆዩ ግን ብዙ አላይም። ይህ ያሳዝነኛል። ልጄ፣ ለጊዜው ስልክህ ይበቃል። እናትህ ቡና ስታፈላ ቅረጻት፤ እስክትነሣ አትነሣ።

ያን ቀን ከእጇ የወደቀ አንድ ሳንቲም ነበር። ከአቧራው አንሥቼ ሰጠኋት። «የእሱ ነው» አለችና መልሳ ቋጠረችው።