ድንጋዩን ከማንሳታችሁ በፊት

ልጆቼ፣ ከጦሳ ተራራ ድንጋይ ይዛችሁ መጥታችሁ «ጋሼ፣ ይሄ ቅሪተ አካል ነው?» ስትሉኝ ደስ ይለኛል። መልሴ ግን አብዛኛውን ጊዜ «አይደለም» ነው። የደሴ ዙሪያ ጥቁር ድንጋይ ባዛልት ነው። ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከመሬት ወጥቶ የፈሰሰ የቀለጠ ዓለት ነው። የባሕር እንስሳ አትፈልጉበት።

እኔ ዕድሜዬን ሙሉ የወደድኳቸው አሞኖይዶች የባሕር ፍጥረቶች ነበሩ። ዛጎላቸው እንደ በግ ቀንድ የተጠቀለለ ነው፤ ዘመዶቻቸው ግን ስኩዊድና ኦክቶፐስ ናቸው። አሞኖይዶቹ ከ66 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ጠፉ። ከእነሱ መካከል ክላይሜኒዳ የሚባለው ወገን ይገርመኛል። የአሞኖይድ ዛጎል በክፍል በክፍል የተከፈለ ነው። ክፍሎቹን ሁሉ አንድ ቀጭን ቱቦ ያቋርጣቸዋል። በሌሎቹ ቱቦው የሚሄደው በውጭኛው ጠርዝ በኩል ነው፤ በክላይሜኒዳ ግን በውስጠኛው፣ ወደ ጥቅልሉ መሃል በሚያየው ጎን ነው። ራሳቸውን የቻሉ ምድብ ያሰኛቸው ይሄ ነው። ዛጎሉን ከላይ ብቻ ያየ ሰው ሊሳሳት ይችላል። ተቆርጦ ወይም ተፍቆ ውስጡ መታየት አለበት።

ክላይሜኒዳዎች የኖሩት በዴቮኒያን ዘመን መጨረሻ ነው፤ ከ359 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ጠፉ። ጀርመን፣ ፖላንድ፣ ሞሮኮ፣ ኡራል፣ ምዕራብ አውስትራሊያ ተገኝተዋል። ወገኑ በምድር ላይ የቆየበት ጊዜ አጭር ስለሆነ አንዱን ያገኘ ሰው የዓለቱን ዘመን ወዲያው ያውቃል።

ታዲያ ይህን ሁሉ ያወቅነው እንዴት ነው? ያገኙት ሰዎች የቱ ቦታ፣ የትኛው ንብርብር ላይ እንደነበር ስለጻፉ ነው። እኔ በወጣትነቴ አልጻፍኩም። መቀሌ አካባቢ፣ ከጁራሲክ የኖራ ድንጋይ ውስጥ መዳፍ የሚሞላ አሞናይት፣ ማለትም አንድ ዓይነት አሞኖይድ፣ አገኘሁ። ክላይሜኒዳ ከጠፋ ከብዙ ዘመን በኋላ የኖረ ነው። ከደስታዬ ብዛት ነቅዬ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት። ማታ ከየትኛው ንብርብር እንደሆነ ስጠየቅ ዝም አልኩ። ከታች ይሁን ከላይ፣ በመካከሉ ብዙ ሺህ ዘመን ሊኖር ይችላል። ድንጋዩ ዛሬም ቤቴ አለ። ባየሁት ቁጥር ይቆጨኛል።

እናንተ ስልክ አላችሁ። መጀመሪያ ባለበት ፎቶ አንሱት፤ መጠኑ እንዲታወቅ አጠገቡ እርሳስ አስቀምጡ። ቦታውን ጻፉ። ከገደል ወድቆ ከሆነ «የወደቀ» በሉ። በእስክሪብቶ አትጻፉ፣ ዝናብ ሊያጠፋው ይችላል። ቅሪተ አካል የሀገር ቅርስ ነው፤ ያለ ፈቃድ አትንቀሉ።

ቅዳሜ ወደ ገራዶ እንወርዳለን። አሞናይት አናገኝም። የባዛልቱን ንብርብሮች ከታች ወደ ላይ እየቆጠርን እንጽፋለን። ደብተርና እርሳስ ይዛችሁ ኑ።